ድካሙን ለኮምፒውተር፣ ፊርማውን ለማን?

ኮምቦልቻ ውስጥ በአንድ ፋብሪካ የሰው ኃይል ክፍል የሚሠራ ወጣት አለ እንበል። ወር መጨረሻ ላይ ከየፈረቃው የተሰበሰቡ የሰዓት መቆጣጠሪያ ፋይሎች ይደርሱታል። አንዱን ይከፍታል፣ ስምና ሰዓት ይገለብጣል፣ ዋናው ኤክሴል ላይ ይለጥፋል፣ ይዘጋል፤ ደግሞ ሌላውን ይከፍታል። መሣሪያው ቀኑን የሚመዘግበው በፈረንጅ አቆጣጠር ስለሆነ እሱ ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር ይመልሰዋል፣ ትርፍ ሰዓቱን ይደምራል። ሁለት ቀን ይፈጅበታል። ከዕለታት አንድ ቀን ፓይተን ይማርና ሠላሳ መስመር የማትሞላ ስክሪፕት ይጽፋል፦ ማህደሩን ክፈት፣ ያለውን ፋይል ሁሉ በተራ አንብብ፣ ቀኑን ቀይር፣ ሰዓቱን ደምር፣ አስቀምጥ። የሁለት ቀኑ ሥራ አቦል ሳይቀዳ ያልቃል።

ልጁ የምናብ ነው፤ ነገሩ ግን ሩቅ አይደለም። ወሎ ዩኒቨርሲቲ ደሴና ኮምቦልቻ ባሉት ግቢዎቹ የኮምፒውተር ትምህርት ይሰጣል። ሐምሌ 2016 ዓ.ም. የተጀመረው የአምስት ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠናም የፕሮግራሚንግ መሠረታዊ ትምህርትን ኢንተርኔት ለደረሰው ሁሉ በነፃ ከፍቷል። ፓይተን 3 ላይ የመረጃ መያዣዎችን ስም በራሳችን ፊደል መጻፍ ስለሚቻል «ደመወዝ» ብሎ ሰይሞ ቁጥር መስጠት ያስኬዳል። ትዕዛዞቹ ብቻ እንግሊዝኛ ሆነው ይቀራሉ።

ከባዱ ጥያቄ የሚመጣው ስክሪፕቱ ከሠራ በኋላ ነው። ወጣቱ ለሁለት ቀን ሥራ የተመደበለትን ጊዜ ስልኩን እየነካካ ቢያሳልፈው፣ የሚበላው ደመወዝ ሐላል ነው?

ለዚህ የእስልምና ሕግ ሊቃውንት ኮምፒውተር ከመታሰቡ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት መነሻ አስቀምጠዋል። በፊቅህ ተቀጣሪ ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ አጂር ኻስ ይባላል፤ የሸጠው ጊዜውን ነው። ሌላው አጂር ሙሽተረክ ነው፤ እንደ ልብስ ሰፊ የሚከፈለው ለጨረሰው ሥራ ነው። ልብስ ሰፊው ፈጣን መኪና ገዝቶ በግማሽ ቀን ቢጨርስ ትርፉ የራሱ ነው። የወር ደመወዝተኛው ግን ሰዓቱ የአሠሪው ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011ም መደበኛውን ሥራ የሚለካው በሰዓት ነው፤ በቀን ከ8፣ በሳምንት ከ48 እንዳይበልጥ ይላል። በዚህ ሚዛን ችግሩ ስክሪፕቱ ላይ የለም። ችግሩ አለቃው «ሁለት ቀን ይፈጃል» ብሎ እያመነ ልጁ ዝም ማለቱ ላይ ነው። መቼም አለቃው ሲሰማ ምስጋናውን ትቶ ሌላ ሥራ ይቆልልበት ይሆናል፤ ዝምታውን የሚወልደውም ይኸው ስጋት ነው።

ከኮምፒውተር ሰዎች አፍ የማትጠፋ አንዲት አባባል አለች፤ ተደጋጋሚ ሥራ ለሰው አይመጥንም፣ ለማሽን ይተውለት የምትል። ወሎ ላይ ይህቺ አባባል ብዙ አትራመድም። የሐድራ ዚክር ድግግሞሽ ነው። ከሶላት በኋላ ሱብሃነላህ የሚባለው 33 ጊዜ ነው። ኦርቶዶክሱ በመቁጠሪያው አርባ አንድ ጊዜ ኪርያላይሶን ይላል። ፓይተን ላይ ኪርያላይሶንን 41 ጊዜ ማሳተም የሁለት መስመር ጉዳይ ነው፤ ኮምፒውተሩ ጸለየ የሚል ግን አይገኝም።

ዮሐንስ ካስያን የተባለው የ5ኛው ክፍለ ዘመን ጸሐፊ ስለ ግብፁ መናኝ አባ ጳውሎስ የተረከው ነገር አለ። አባ ጳውሎስ የሚኖሩበት በረሃ ከገበያ የሰባት ቀን መንገድ ይርቅ ስለነበር የእጅ ሥራቸውን ወስደው መሸጥ አያዋጣም። ቢሆንም በየዕለቱ የዘንባባ ቅጠል ሰብስበው ይሠራሉ፤ ዋሻው በዓመቱ ሲሞላ የሠሩትን ሁሉ አቃጥለው እንደገና ይጀምራሉ። ለእሳቸው ስክሪፕት መስጠት ስድብ በሆነ ነበር፤ ምክንያቱም ከሥራው የሚፈልጉት ምርቱን አልነበረም። የኮምቦልቻው ልጅ ደግሞ ተቃራኒው ነው። ኮፒና ፔስት ሲያደርግ ነፍሱ አንዳች አትጨምርም፤ የሚፈለገው የደመወዝ ዝርዝሩ ብቻ ነው።

በሁለቱ መካከል የሚቆሙ ሥራዎች አሉ። ከደሴ በስተሰሜን ሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ውስጥ፣ በአቡነ ኢየሱስ ሞዓ ዘመን፣ በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጻሕፍት በብራና በእጅ ይገለበጡ ነበር። ለጸሐፊው ግልበጣው መጽሐፍ ማፍሪያም ትሩፋትም ነበር። ፎቶ ኮፒ ማሽን የመጀመሪያውን ይተካል፤ ሁለተኛውን አይነካውም።

የቤተ ክርስቲያን የበዓላት ማስሊያ የሆነው ባሕረ ሐሳብ ደግሞ ከወዲሁ ስክሪፕት ነው ማለት ይቻላል። የ2017ን ፋሲካ ለማግኘት 5500 ላይ 2017 ይደመርና 7517 ይሆናል። በ19 ሲካፈል 12 ይተርፋል፤ አንድ ሲቀነስ ወንበሩ 11 ነው። በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ አበቅቴው 1፣ በ19 ተባዝቶ ሲገደፍ መጥቅዑ 29 ይወጣል። መስከረም 29 ረቡዕ ዋለ፤ የረቡዕ ተውሳክ 4 ሲደመር 33፣ 30 ሲገደፍ መባጃ ሐመሩ 3። ነነዌ የካቲት 3 ገባች። የትንሣኤ ተውሳክ 9 ሲታከልበት ፋሲካ ሚያዝያ 12 ዋለ። ይህን ሁሉ አሥር መስመር ኮድ በቅጽበት ያወጣዋል፤ የደሴ ካህንም ውጤቱን ቢቀበል ኃጢአት የለበትም። ሃምሳ አምስቱን ቀን ግን ምእመኑ ራሱ ይጾመዋል። በእስልምናም ወገን እንዲሁ ነው። የ9ኛው ክፍለ ዘመኑ አልኸዋሪዝሚ በባግዳድ የጻፈው የአልጀብራ መጽሐፍ ሰፊ ክፍሉ የውርስ ክፍፍል ስሌት ነው፤ እምነት ስሌትን ለሌላ አሳልፎ መስጠት አስጨንቆት አያውቅም።

ያስጨነቀው ሌላ ነው፤ ምን በውክልና ይሠራል፣ ምን አይሠራም የሚለው። በእስልምና ዘካን በወኪል ማከፋፈል ይፈቀዳል። ሶላትን ግን ማንም ለማንም አይሰግድም። ሐጅ በመሐል ቆሟል፤ አቅም ላነሰው ሌላ ሰው ሊያደርግለት ይችላል። ዓለማዊው ሕግ እንኳ ድንበር አለው፦ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ኑዛዜን በወኪል ማድረግ አይፈቅድም። ስክሪፕትም ውክልና ነው፤ ልዩነቱ ተወካዩ መጠየቅ አለማወቁ ነው።

መጠየቅ አለማወቁ ወሎ ላይ በስም ይገለጣል። አንዱ ፈረቃ «ኃይሉ» ያለውን ሌላው «ሀይሉ» ብሎ ይመዘግበዋል። ሰው ሲያነበው አንድ ሰው ነው፤ ኮምፒውተሩ ግን ሁለት የተለያዩ ፊደሎች አይቶ ሁለት ሠራተኛ ያደርገዋል፣ ወይም የአንዱን ትርፍ ሰዓት ይጥላል። ይህ ስህተት ሀ፣ ሐ እና ኀን አንድ የሚያደርጉ ጥቂት መስመሮች ቢጨመሩ ይድናል። የማይድን ስህተትም አለ። አስተዳደሩ «ለሙስሊሞች የዒድ፣ ለክርስቲያኖች የገና መልካም ምኞት በስልክ ይላክ» ቢልና ልጁ ከስም ተነስቶ ሃይማኖት የሚገምት ስክሪፕት ቢጽፍ፣ በዚህ አገር ውርደት ይከተለዋል። አባቱ እንድሪስ፣ ልጁ ገብረ መስቀል የሆነ ቤት ወሎ ውስጥ ብርቅ አይደለም። ደሴ ላይ አይጠየፍ አዳራሽን ያሠሩት ንጉሥ ሚካኤል ራሳቸው ከ1870ው የቦሩ ሜዳ ጉባኤ በፊት መሐመድ አሊ ነበሩ፤ ሃይማኖት የለወጡትም በአፄ ዮሐንስ 4ኛ ግፊት ነው። እንዲህ ያለ ታሪክ በሁለት አማራጭ አይወሰንም።

የደመወዝ መክፈያ ሰነድ ግርጌ ላይ «ያዘጋጀው፣ ያረጋገጠው፣ ያጸደቀው» የሚሉ መስመሮች አሉ። ስክሪፕቱ ዝርዝሩን ሁሉ ቢሠራም «ያዘጋጀው» ላይ የሚፈርመው ልጁ ነው፤ የኃይሉ ትርፍ ሰዓት ቢጠፋ ኃይሉ የሚመጣው ወደ እሱ ነው። ያ የተረፈ ጊዜ ሥራ የሚያገኘውም እዚህ ላይ ነው፦ ለአለቃው ነግሮ፣ ዝርዝሩን ይዞ ፈረቃ ሲቀየር ወደ ማምረቻው ክፍል ወርዶ፣ ስማቸው የተምታታባቸውን ሠራተኞች አንድ በአንድ ጠርቶ መጠየቅ።