ስም የማውጣት መብት

ለሕዝብና ለአገር ስም ማውጣት የማን መብት ነው? በስኮትላንድ የጌሊክ ተናጋሪዎች እንግሊዛዊውን እስከ ዛሬ «ሳሰናኽ»፥ ይኸውም ሳክሶን ይሉታል፤ እርሱ ግን ራሱን እንዲህ አይጠራም። ከኖርዌይ በባሕር መጥተው የምዕራቡን ደሴቶች የያዙትንም «ጋውል» ማለት ባዕዳን አሏቸው፤ አገሩም «ኢንሸ ጋውል»፥ የባዕዳን ደሴቶች ተባለ። በዚህ አሰያየም ግፍ አናይም፤ ጎረቤት በገዛ ቋንቋው ቢጠራን ርስታችንን አይወስድብንምና። ጌሊክ በሚነገርባት በአየርላንድ ግን በ1824 እ.ኤ.አ. ለመሬት ግብር ሲባል የተጀመረው የእንግሊዞች የካርታ ሥራ የአገሬውን የቦታ ስሞች በእንግሊዝኛ አጻጻፍ አጸደቃቸው፤ ገበሬው የገዛ ቀዬው በሰው አጠራር ተመዝግቦ አገኘው። ልዩነቱ ከቃሉ ሳይሆን ከሥልጣኑ ይመስለናል። ቢሆንም ስም ሁልጊዜ ለሰያሚው አይታዘዝም፤ በስኮትላንድ ጌሊክ ዛሬ ከሌላው ስፍራ ሁሉ ይልቅ ጸንቶ የሚነገረው በእነዚያው በባዕዳን ደሴቶች ነው።