አመዱን የሚያነሣ ማን ነው?

እሳት ለሰው ልጅ ከተሰጡት ታላላቅ በረከቶች አንዱ ነው። ያበስላል፥ ያሞቃል፥ ጨለማን ያርቃል፥ ብረትንም ያቀልጣል። ይሁን እንጂ እሳት ባደረበት ስፍራ ሁሉ አንድ ነገር ሳይተው አይሄድም፤ እርሱም አመድ ነው። አባቶች «እሳት አመድ ይወልዳል» ያሉት ከብርቱ አባት ደካማ ልጅ መወለዱን ለማስረዳት ነው። እኛ ግን በዚህ ጽሑፍ ቃሉን እንደ ንባቡ ወስደን፥ በእሳቱ የተጠቀመ ሰው ከእሳቱ ስለ ተወለደው አመድ ምን ዕዳ አለበት? ብለን ልንመረምር እንወዳለን።

ነገሩ የምድጃ አመድ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ባላነጋገረ ነበር። በሮቤና በጎባ፥ በጠቅላላውም በባሌ ደጋ ያለች የቤት እመቤት የማገዶዋን አመድ በማለዳ ዝቃ ከጓሮዋ ትበትነዋለች፤ ለአትክልቷ ፍግ ይሆንላታል፥ ዕቃ ትፈገፍግበታለች፥ እህሏንም ከነቀዝ ትጠብቅበታለች። የእንጨት አመድ አፈር ያበቀለው ነውና በልኩ ወደ አፈር ሲመለስ አይጎዳም። የድንጋይ ከሰል አመድ ግን እንዲህ አይደለም።

ከድንጋይ ከሰል ኤሌክትሪክ የሚያመነጩ ሕዝቦች ከሰሉን ፈጭተው በታላቅ ምድጃ ያነዱታል፤ እሳቱ ውሃውን ያፈላል፥ እንፋሎቱ መዘውሩን ያዞራል፥ ከመዘውሩም መዞር ኃይል ይገኛል። ከሰሉ ግን ሁሉም ነድዶ አያልቅም፤ እንደ ዓይነቱ ከመቶው እጅ ከ5 እስከ 40 የሚሆነው አመድ ሆኖ ይቀራል። ከባዱ ከምድጃው ሥር ይወርዳል፤ እንደ ዱቄት የላመው ከጢሱ ጋር ወደ ላይ ይወጣልና በማጣሪያ ካልተያዘ በአገር ላይ ይበተናል። በዚህም አመድ ውስጥ አርሴኒክ፥ እርሳስ፥ ሜርኩሪና ይህን የመሰለው ሁሉ ይገኛል። እነዚህ መርዞች አይበሰብሱም፥ በዘመን ብዛትም አያረጁም። አመዱ ሥሩ ባልተነጠፈ ጉድጓድ ከውሃ ጋር ሲከማች ቀስ በቀስ ወደ ምንጭና ወደ ጕድጓድ ውሃ ይሰርጋሉ። እንግዲህ የአመዱ ዕዳ ከእሳቱ ዕድሜ ይረዝማል ማለት ነው።

ዕዳው ባልተከፈለ ጊዜ ምን እንደሚሆን ዓለም አይቶታል። በአሜሪካ አገር በቴነሲ ግዛት በኪንግስተን፥ በእኛ አቆጣጠር ታኅሣሥ 13 ቀን 2001 ዓ.ም. የአንድ ኃይል ማመንጫ የአመድ ማጠራቀሚያ ግድብ ተደርምሶ፥ 4 ሚሊዮን ሜትር ኩብ ያህል የአመድ ጭቃ በወንዝና በመኖሪያ ቤቶች ላይ ፈሰሰ። ከመደርመሱም ይልቅ የሚያሳስበው ኋላ የሆነው ነው። ከወንዙ የተዛቀው ብዙ አመድ በባቡር ተጭኖ ወደ አላባማ ግዛት ተወሰደ፤ የተጣለውም ዩኒየንታውን በምትባል፥ አብዛኞቹ ነዋሪዎቿ ድሆችና ጥቁሮች በሆኑ ትንሽ ከተማ አጠገብ ነው። በመብራቱ ያልተጠቀሙት በአመዱ ተጎራበቱ። በሀገራችን በጎ ሠርቶ ክፉ የተመለሰለት ሰው «እጄ አመድ አፋሽ ነው» ይላል። እነዚህ ግን የሠሩት ውለታ ሳይኖር አመድ አፋሽ ሆኑ።

ከአመዱ ሌላ ከሰሉ ሲቆፈር የሚወጣው ግብስብስም ዕዳ አለበት። በዌልስ አገር በአበርፋን መንደር የማዕድን ግብስብሱ በኮረብታ ላይ፥ ያውም ከምንጭ በላይ ተቈልሎ ነበር። ጥቅምት 11 ቀን 1959 ዓ.ም. ክምሩ ተንሸራትቶ ትምህርት ቤትንና ቤቶችን ሲቀብር 144 ሰዎች ሞቱ፤ ከእነዚህም 116ቱ ሕፃናት ነበሩ። አስቀድሞ ማስጠንቀቂያ ያሰሙ ሰዎች ነበሩ፥ ሰሚ ግን አላገኙም። ከዚያም በኋላ የቀረውን ክምር ለማንሣት ለሐዘንተኞቹ ከተሰበሰበው ምጽዋት 150,000 ፓውንድ ተወሰደ፤ ገንዘቡም የተመለሰው 30 ዓመት ያህል ካለፈ በኋላ ነው። ልጁን የቀበረ አባት የገደለውን ክምር የሚያነሣበትን ዋጋ ሲከፍል ማየት እንዴት ያለ የፍርድ መገልበጥ ነው!

በዚህ ነገር መጽሐፍ ዝም አላለም። በኦሪት ዘሌዋውያን በምዕራፍ 6 ስለሚቃጠል መሥዋዕት ሥርዓት ሲሠራ፥ ካህኑ እሳቱን እንዲጠብቅ ካዘዘ በኋላ አመዱንም እንዲያነሣ ያዝዘዋል፤ ልብሱን ለውጦ አመዱን ከሰፈር ውጭ ወደ ንጹሕ ስፍራ እንዲያወጣው ያስተምራል። ይህን ሥርዓት በሦስት ወገን እንመለከተዋለን።

1ኛ፤ አመዱን የሚያነሣ እሳቱን ያገለገለው ካህን ራሱ ነው። ምነው ለሎሌ ያልተወው ቢሉ፥ ክብሩን የወሰደ ድካሙንም ሊወስድ ይገባዋልና። የኃይል ማመንጫ ባለቤት የሆነ ሁሉ እንዲሁ ነው፤ ብርሃኑን ሽጦ አመዱን ለጎረቤት ሊተው አይገባውም።

2ኛ፤ ልብሱን ይለውጣል። በኦሪቱ ይህ ስለ መቅደሱ ክብር ነው፤ ለእኛ ግን አመድ በጥንቃቄ የሚያዝ እንደ ሆነ ያስተምረናል። አመዱን የሚዝቅ ሠራተኛ አፍና አፍንጫው ሳይሸፈን፥ የያዘው ነገር ምን እንደ ሆነ ሳይነገረው ሊሠራ አይገባውም፤ የደሃው ሳንባ ማጣሪያ አይደለምና።

3ኛ፤ ስፍራው ንጹሕ ነው። አመድ የሚጣልበት ቦታ አስቀድሞ የረከሰ ይሁን አላለም። በዛሬ ቋንቋ ስንተረጕመው፥ ከምንጭና ከወንዝ የራቀ፥ ሥሩ ውሃ በማያሳልፍ ነገር የተነጠፈ፥ ላዩ የተከደነ፥ ዙሪያውም ውሃው እየተመረመረ የሚጠበቅ ስፍራ ነው። አሜሪካኖችም ከኪንግስተን በኋላ በ2007 ዓ.ም. ይህን የመሰለ ደንብ አውጥተዋል። ከላመው አመድ መልካሙ ተለይቶ ሲሚንቶና ጡብ ሲሠራበትም እናያለን፤ ይህ ከመጣል ይሻላል።

ዳግመኛም በኦሪት ዘጸአት በምዕራፍ 21 ጕድጓድ ቈፍሮ ሳይከድን የተወ ሰው፥ የጎረቤቱ በሬ ቢገባበት እንዲከፍል ተፈርዶበታል። ሕጉ «ክፉ አሳብ ነበረህን?» ብሎ አይጠይቅም፤ «ለምን አልከደንህም?» ይላል እንጂ።

ምናልባት አንዳንድ ሰው «በሀገራችን በድንጋይ ከሰል የሚሠራ የኤሌክትሪክ ጣቢያ ሳይኖር ይህ ሁሉ ንግግር ለምን?» ይል ይሆናል። እውነት ነው፤ መብራታችን ከሞላ ጎደል ከወንዞች የሚገኝ ነው፤ ለባሌም ቅርቡ በዋቤ ሸበሌ ላይ የተሠራው የመልካ ዋከና ጣቢያ ነው። ነገር ግን የሲሚንቶ ፋብሪካዎቻችን የድንጋይ ከሰል ያነዳሉ፤ በኢሉ አባ ቦር በያዩም ከከሰል ማዳበሪያ ሊሠራ ታቅዶ፥ ሥራው ተጀምሮ ሳይፈጸም ቀርቷል። በአዲስ አበባ በረጲ፥ ሕዝቡ ቆሼ በሚለው ስፍራ፥ መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. የቆሻሻው ተራራ ተደርምሶ ከ110 በላይ ሰዎች ሞተዋል። በዚያው ስፍራ ቆሻሻን አንድዶ ኤሌክትሪክ የሚያመነጭ ጣቢያ በ2010 ዓ.ም. ተመርቋል፤ ቆሻሻም ሲነድ አመድ ይተርፈዋል። እንግዲህ ጥያቄው ከደጃችን ደርሷል። ሕግ መልካም የሚሆነው ከጥፋቱ አስቀድሞ ሲታሰብ ነው።

ሌላም ብርቱ ክርክር አለ፤ «ድሃው መጀመሪያ መብራት ያግኝ፥ ስለ አመዱ ኋላ ይታሰባል፤ ጥንቃቄው ዋጋውን ያስወድድበታል» የሚል ነው። ይህን ክርክር በንቀት ልናልፈው አይገባንም። ማገዶ ተሸክማ ጀርባዋ የጎበጠ፥ ጢስ ዓይኗን ያጠፋው እናት መብራት ብታገኝ ምሕረት ነው፤ የሐረና ደንም ከምሳር ያርፋል። ነገር ግን ርካሽ የተባለው መብራት ርካሽ የሆነው የዋጋው እኩሌታ ስለ ተሰወረ ነው። የተሰወረውን ዋጋ ከወንዙ በታች ያለው ሰው በውሃው፥ ገና ያልተወለደው ሕፃንም በጤናው ይከፍለዋል። እነርሱ በውሉ አልነበሩም፤ ማንም አልጠየቃቸውም። ከአንዱ ድሃ ቀምቶ ለሌላው ድሃ መስጠት ምጽዋት አይባልም። ስለዚህ ለድሃው ማርከስ የፈለገ መንግሥት ከግምጃ ቤቱ ይርዳው እንጂ ከጎረቤቱ ምንጭ አይርዳው።

ይህ ነገር ይልቁንም በባሌ ላለን ሰዎች ይከብዳል። የሻያና የቶጎና ውሃ በሮቤና በጎባ አጠገብ አልፎ ወደ ወይብ ይገባል፤ ወይብም በሶፍ ዑመር ዋሻ ውስጥ አልፎ ቆላውን አቋርጦ በዶሎ አቅራቢያ ከገናሌ ጋር ይገናኛል። ከዚህ ተራራ በሚወርደው ውሃ 12 ሚሊዮን ያህል ሕዝብ፥ በኢትዮጵያም በሶማልያም ያለው፥ ይጠቀማል። አብዛኛው የእኛን ቋንቋ የማይናገር፥ በሃይማኖትም የሚለየን ወገን ነው። ነገር ግን ጥማቱ የእኛው ጥማት ነው። የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በ2016 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ ደስ ያለን ሁሉ፥ ከላይ መቀመጥ ክብር ብቻ ሳይሆን አደራም እንደ ሆነ እናስብ። ነቢዩ ሕዝቅኤል በምዕራፍ 34 ንጹሑን ውሃ ጠጥተው የቀረውን በእግራቸው የሚያደፈርሱትን በጎች የወቀሰው ስለዚህ ነው።

እንግዲህ ካህናትና ምእመናን ከትንሹ እንጀምር። የማገዶ አመድ ከጓሮ ይዋል፤ ፕላስቲክና የባትሪ ድንጋይ የነደደበትን አመድ ግን ከአትክልት ላይ አንበትነው፥ ከወንዝም አንጣለው። ለጥምቀት ወደ ውሃ ወርደን ስንመለስ የውሃ መያዣ ላስቲክ በዳርቻው ትተን አንሂድ፤ ሌላው ሳይነሣ ካህኑ ቀድሞ ጎንበስ ብሎ ያንሣ፤ የአሮን ልጆች ሥራ ነበርና አያሳፍርም። በዚህ ትንሽ ነገር የታመነ ሕዝብ፥ ነገ ታላቁ ምድጃ ወደ አገሩ ሲመጣ «ብርሃኑስ መልካም ነው፤ አመዱን የሚያነሣ ማን ነው? ወዴትስ ያኖረዋል?» ብሎ ለመጠየቅ አፍ ይኖረዋል። መልሱ ሳይሰማም እሳቱ እንዲለኰስ አይፈቅድም።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።