ነጥቡ የማን ነው?

በካምፓላ ከተማ የአገራችን ሰዎች ከሚኖሩባቸው ሠፈሮች መካከል ካባላጋላና ካንሳንጋ ይጠቀሳሉ። በእነዚህ ሠፈሮች እሑድ ከቀትር በኋላ በብዙ ቤት የሚደረገው ተመሳሳይ ነው፤ ቡና ይፈላል፣ ፈንዲሻ ይቀርባል፣ ቴሌቪዥኑም እንደ አንድ የቤተሰብ አባል ከጥግ ሆኖ ያወራል። ከጥቂት ሳምንታት በፊት አንድ ወዳጄ ቤት ለቡና ተጠርቼ በሄድሁ ጊዜ ግን ቴሌቪዥኑ የሚያወራ ሳይሆን የሚያጫውት ሆኖ አገኘሁት።

ልጆቹ በወር ክፍያ ፊልም ከሚያቀርቡት የኢንተርኔት አገልግሎቶች በአንዱ ላይ የነበረ ጨዋታ ከፍተዋል። ነገሩ እንደ ቀድሞው የቪዲዮ ጨዋታ የተለየ ማጫወቻና በሽቦ የተያያዘ መቆጣጠሪያ አያስፈልገውም። በቴሌቪዥኑ ላይ የሚወጣውን ምልክት በስልክ ካሜራ ማንሳት ብቻ ይበቃል፤ ከዚያ በኋላ የእያንዳንዱ ተጫዋች ስልክ መቆጣጠሪያው ይሆናል። አንዱ በስልኩ ላይ በጣቱ ሥዕል ይሥላል፤ ሥዕሉ በቴሌቪዥኑ ላይ ይታያል፤ ሌሎቹ ምን እንደሆነ ገምተው በየስልካቸው በእንግሊዝኛ ይጽፋሉ፤ ቀድሞ በትክክል የጻፈ ነጥብ ያገኛል።

የወዳጄ እናት ከጎንደር ከመጡ ገና ዓመት አልሞላቸውም። ረከቦቱ ፊት ተቀምጠው በአንድ ዓይናቸው ጀበናውን፣ በሌላው የልጆቹን ሥዕል ይከታተሉ ነበር። ታላቂቱ የልጅ ልጃቸው ሁለት ኩርባና አንድ መንቁር የመሰለ ነገር እንደ ሣለች እርሳቸው ከሁሉ ቀድመው «ዶሮ!» አሉ። ዘጠኝ ዓመት የሞላው ወንድሟ ይህን ሰማና ቃሉን በእንግሊዝኛ ጻፈ፤ ነጥቡም ተመዘገበለት። ቀጥሎ ጃንጥላ ተሣለ፤ እንዲሁ ሆነ። ቀጥሎ መሰላል ተሣለ፤ አሁንም እንዲሁ ሆነ። በሦስተኛው ጊዜ ወይዘሮዋ ሳቃቸውን ገታ አድርገው «እኔ እኮ ነኝ ያልሁት» አሉ። ልጁም ዓይኑን ከስልኩ ሳያነሣ «እማማ፣ አንቺ እኮ አትጫወቺም» ሲል መለሰላቸው።

ልጁ ይህን ያለው በክፋት አልነበረም፤ እውነቱን ነበር። በቴሌቪዥኑ ላይ ከተዘረዘሩት የተጫዋቾች ስሞች መካከል የእርሳቸው ስም የለም። ይሁንና ቤቱ ለአፍታ ዝም አለ። እኔም ፍንጃሌን ይዤ አንድ ጥያቄ በልቤ ተመላለሰ፤ ለመሆኑ ያ ነጥብ የማን ነው?

ጥያቄው የልጆች ጉዳይ መስሎ የሚታየው አንባቢ እንደሚኖር እገምታለሁ። ነገር ግን ትንሽ ጠጋ ብለን እንመልከተው። ልጁ አንድም ሕግ አልጣሰም። ከጎኑ የተነገረን ቃል ሰምቶ መጻፍን የሚከለክል ደንብ ጨዋታው የለውም። ሕግ ሳይጣስ ግን አንድ ሰው ተበድሏል። ስለዚህ ጥያቄያችን ከሳሎን አልፎ የቆየውን የሥነ ምግባር ጥያቄ ይነካል፤ ሕግን መጠበቅና ፍትሐዊ መሆን አንድ ናቸውን? አንድ ካልሆኑስ በመካከላቸው ያለውን ክፍተት የሚሞላው ማን ነው?

አስቀድሞ ለአዲሱ ነገር የሚገባውን ምስጋና መንፈግ ተገቢ አይሆንም። ያለፉት ዓመታት ስልክ የቤተሰብን ዓይን በየፊናው የበተነበት ዘመን ነበር። በአንድ ሶፋ ላይ የተቀመጡ አራት ሰዎች በአራት ስልክ አራት ዓለም ውስጥ ይኖራሉ። ፊልም አቅራቢዎቹ ኩባንያዎችም ጨዋታን ሲጀምሩ መጀመሪያ ያተኮሩት በዚያው በስልክ ላይ ነበር። ለምሳሌ እ.ኤ.አ. በጥር 2016 አገልግሎቱን ወደ አብዛኛው የአፍሪቃ ክፍል ያስፋፋው ኔትፍሊክስ፣ ጨዋታዎችን በስልክ ማቅረብ የጀመረው እ.ኤ.አ. በኅዳር 2021 ነው። በነሐሴ 2023 ስልክን መቆጣጠሪያ አድርጎ በቴሌቪዥን የመጫወትን ሙከራ በካናዳና በብሪታንያ አካሄደ፤ በ2025 መጨረሻ ደግሞ ለቤተሰብና ለወዳጆች ስብስብ የታሰቡ የቴሌቪዥን ጨዋታዎችን ይዞ ቀረበ። የበተነን ስልክ መልሶ ወደ አንድ መስኮት ሲሰበስበን ማየት ደስ አይልም ማለት አይቻልም። በዚያች እሑድ ልጆቹ አብረው ስቀዋል፤ አብረው ጮኸዋል። አያትየዋም «ዶሮ!» ያሉት ጨዋታው ከሳሎኑ መሐል ስለነበረ ነው። በየስልኩ ተደብቆ ቢሆን ኖሮ የሚገምቱት ሥዕል፣ የሚበደሉትም በደል ባልኖረ።

እንግዲህ ጉድለቱ ከመሰብሰቡ ላይ አይደለም። ጉድለቱ ያለው ሕጉ የሚኖርበት ቦታ ላይ ነው።

የስዊሱ የሥነ ልቡና ሊቅ ዣን ፒያዤ እ.ኤ.አ. በ1932 ስለ ልጆች የሞራል ፍርድ ባሳተመው መጽሐፍ ምርምሩን የጀመረው ከብይ ጨዋታ ነው። ከልጆች ጋር ተቀምጦ ሕጉን ይጠይቃቸው ነበር፤ ከየት መጣ? መለወጥስ ይቻላል? ትንንሾቹ ሕጉ ከታላላቆች የወረደ፣ የማይነካና የማይለወጥ አድርገው ያዩታል። ከፍ ያሉት ግን ሁሉም ከተስማማ ሊለወጥ እንደሚችል ያውቃሉ። ፒያዤ ከዚህ የተረዳው ልጅ ስለ ፍትሕ የሚማረው ከታላላቆች ትእዛዝ ብቻ ሳይሆን ከእኩዮቹ ጋር ተከራክሮና ተስማምቶ መሆኑን ነው።

ለዚህ ማስረጃ ፍለጋ እስከ ስዊስ መሄድ እንኳ አያስፈልገንም። ገበጣን የተጫወተ ሁሉ ያውቀዋል። ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 በኢትዮጵያ ኦብዘርቨር መጽሔት ላይ ባወጡት ጥናት እንዳሳዩት የገበጣ አጨዋወት ከአካባቢ አካባቢ ይለያያል፤ ባለ ሁለት ረድፍ አለ፣ ባለ ሦስት ረድፍ አለ። የካምፓላ ሰውም የዚሁ ጨዋታ ዘመድ የሆነ ኦምዌሶ የሚባል ጨዋታ አለው፤ በአራት ረድፍ የተደረደሩ 32 ጉድጓዶችና 64 ፍሬዎች ያሉት ነው። ሁለት የተለያየ አካባቢ ሰዎች ገበጣ ሊጫወቱ ሲቀመጡ መጀመሪያ የሚያደርጉት ጠጠር ማንሳት ሳይሆን መነጋገር ነው፤ «በእናንተ አገር እንዴት ነው? እንግዲያው በዚህ እንጫወት» ይባባላሉ። ጨዋታው ገና ሳይጀመር ሁለቱም አንድ ትልቅ ነገር ፈጽመዋል፤ ተዋውለዋል።

እንቆቅልህስ ቢሆን? ጠያቂው «እንቆቅልህ» ሲል መላሹ «ምን አውቅልህ» ይላል፤ ያላወቀ እንደ ሆነ «አገር ስጠኝ» ይባላል። የተሰጠው አገር ካላማረው ጠያቂው አይቀበልም፤ ሌላ ይጠይቃል፤ ሰጪውም ይከራከራል። ሽንፈት እንኳ በስምምነት የሚፈጸምበት ጨዋታ ነው። በዚህ በካምፓላ የተወለደ ልጅ ጎንደርን ሳያይ ጎንደርን ሲሰጥ፣ ወይም ጎንደርን ስላላየ ካንሳንጋን ሲሰጥ፣ አያቱ ይቀበሉታል ወይስ አይቀበሉትም? ይህን የሚወስን መሣሪያ የለም፤ የሚወስኑት ሁለቱ ናቸው።

በቴሌቪዥኑ ጨዋታ ግን ሕጉ ከተጫዋቾቹ መካከል አይደለም፤ እሩቅ አገር ባለ ኮምፒዩተር ውስጥ ተጽፎ ተቆልፏል። አያትየዋን ማስገባት የፈለገ ቤተሰብ እንኳ ሕጉን አሻሽሎ «በአማርኛም ይቆጠር» ሊል አይችልም። በፒያዤ አነጋገር ከሄድን ሁላችንንም ሕግ ከላይ የሚወርድለት ትንሽ ልጅ ያደርገናል። ሕጉን የያዘ ደግሞ ጨዋታውንም ይይዛል። ኔትፍሊክስ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2018 ያወጣውን፣ ተመልካቹ ታሪኩን በምርጫው የሚመራበትን «ባንደርስናች» የተባለ ፊልም በግንቦት 2025 ከአገልግሎቱ አንሥቶታል። የምድር ላይ ገበጣን ግን ዝናብ ቢደፍነው ልጆች በማግሥቱ መልሰው ይቆፍሩታል።

እዚህ ላይ ብርቱ ተቃውሞ ሊቀርብ እንደሚችል አውቃለሁ፤ ተገቢም ነው። የሰዎች ስምምነት ሁልጊዜ ቅን ነውን? በየመንደሩ ጉልበተኛ ልጅ ሲሸነፍ ሕጉን የሚለውጥ አልነበረምን? ታናሽ ወንድም ስንት ጊዜ «አንተ ትንሽ ነህ» እየተባለ ተራውን ተቀምቷል? መሣሪያው ቢያንስ አያዳላም። የታላቅን ነጥብ አይጨምርም፤ የታናሽን አይቀንስም። በዚያች እሑድ የዘጠኝ ዓመቱ ልጅ እህቱን ማሸነፍ የቻለው ፈራጁ እህቱ ስላልሆነች ነው።

ይህ እውነት ነው። መሣሪያው አያዳላም፤ ነገር ግን አይሰማም። ጉልበተኛው ልጅ ሕጉን ሲያጣምም የተበደለው ሊጮህ፣ ሌሎቹ ሊያግዙት፣ ጉልበተኛውም አንድ ቀን ሊያፍር ይችላል። ኀፍረት የሚሰማው ፈራጅ ስሕተቱን ያርማል፤ ኀፍረት የሌለው ግን ትክክል በሆነበት ጊዜ እንኳ የሚያስተምረን ፍትሕን ሳይሆን መታዘዝን ነው። ልጁ «አንቺ እኮ አትጫወቺም» ያለው ስለ ታዘዘ ነበር። ዓይኑን አንሥቶ ቢመለከታቸው ሌላ መልስ ይሰጥ ይሆናል።

ታዲያ መፍትሔው ቴሌቪዥኑን ማጥፋት ነውን? የካምፓላ ሰዎች ልማድ ሌላ መንገድ ያሳየናል። በዚህች ከተማ ቢባንዳ የሚባሉ የቪዲዮ ማሳያ ቤቶች አሉ። በእነዚህ ቤቶች ከሆሊዉድ ወይም ከሆንግ ኮንግ የመጣ ፊልም ሲታይ ቪጄ የሚባል ሰው ማይክሮፎን ይዞ በሉጋንዳ ይተረጉማል፤ መተርጐም ብቻ አይደለም፣ ያፌዛል፣ ይመክራል፣ ባዕዱን ጀግና የሠፈር ሰው ያደርገዋል። በካምፓላዋ የዋካሊጋ መንደር እ.ኤ.አ. በ2005 የራሱን የፊልም ሥራ የጀመረው አይዛክ ናብዋና እ.ኤ.አ. በ2010 «ካፒቴን አሌክስን ማን ገደለው?» የተሰኘውን ፊልም ሲያወጣ የቪጄውን ድምፅ የፊልሙ አካል እስከ ማድረግ ደርሷል። የባዕዱን ሥራ አልጣሉትም፤ እንደ መጣም አልዋጡት። በላዩ የራሳቸውን ድምፅ አኖሩበት።

አሁን ወደ ወዳጄ ቤት እንመለስ። ከዝምታው በኋላ ታላቂቱ ልጅ ተነሥታ የደብተሯን የኋላ ገጽ ቀደደች፤ የሁሉንም ስም ጻፈች፤ በመጨረሻም «እማማ» የሚል አከለች። ከዚያ በኋላ ጨዋታው በሁለት መዝገብ ሄደ። ቴሌቪዥኑ የራሱን ይቈጥራል፤ ወረቀቱ ደግሞ ቀድሞ የተናገረውን ሁሉ፣ በአማርኛም ይሁን በእንግሊዝኛ፣ ይመዘግባል። በፍጻሜው ቴሌቪዥኑ በርችትና በሙዚቃ ልጁን አሸናፊ አደረገው። በወረቀቱ ግን ያለፉት ሦስት ነጥቦች ገና አልተወሰኑም ነበር፤ እርሳቸው ላይ ከታሰቡ የሚያሸንፉት እርሳቸው ናቸው።

ክርክር ተነሣ። ልጁ «ቲቪው እኔ ነኝ ይላል» አለ። እህቱ «ወረቀቱስ?» አለች። አባትየው ሊፈርድ ሲል እናቱ በእጃቸው ከለከሉትና «ዶሮዋ የእኔ ናት። ጃንጥላውን ግን አብረን ነው ያልነው፤ ለእርሱ ይሁን» አሉ። ልጁ ትንሽ አሰበ። ከዚያም ስልኩን ከጉልበቱ ላይ አስቀምጦ «መሰላሉም የእማማ ነው። እኔ አላወቅሁትም ነበር» አለ።

ውድ አንባቢ፣ ማን እንዳሸነፈ ለመናገር አልቸኩልም፤ በዚያ ቤትም ከዚያ በኋላ የቈጠረው የለም። ቴሌቪዥኑ በዚያች ሰዓት ሊያደርግ የማይችለው አንድ ነገር ነበር፤ የራስን ነጥብ ለሌላ መተው። አረጋዊቷ ጃንጥላውን ሲተዉ ልጁ መሰላሉን መለሰ። ይህ በየትኛውም የጨዋታ ደንብ ላይ አልተጻፈም፤ ሊጻፍም አይችልም፤ ተጽፎ ቢታዘዝ ኖሮ መተው መሆኑ ይቀር ነበርና።

«ብቻውን የሚሮጥ የሚቀድመው የለም» ይባላል። ከመሣሪያ ጋር ብቻ ውል ያለውም እንዲሁ ነው፤ ቀዳሚ ይሆናል እንጂ አሸናፊ አይሆንም። አዲሶቹ ጨዋታዎች ወደ ሳሎናችን መምጣታቸው መልካም ነው፤ ይምጡ። ነገር ግን ከስልኮቹ አጠገብ አንድ ቁራጭ ወረቀት ትኑር። በላይዋም ቴሌቪዥኑ የማያውቃቸው ሰዎች ስም ይጻፍ።