ሁለተኛነት ሽንፈት ነውን?

የሰው ልጅ ከሕፃንነቱ ጀምሮ በመሰላል ላይ እንደ ቆመ ሆኖ ይኖራል። በትምህርት ቤት ስንተኛ ወጣህ ይባላል፤ በመሥሪያ ቤት ደረጃህ ስንት ነው ይባላል፤ በግብዣ ቤት እንኳ የተቀመጠበት ወንበር ከማን በላይ ከማንስ በታች እንደ ሆነ በዓይን ይለካል። ደረጃ ባይኖር ሥራ ሥርዓት አይኖረውምና ይህን ሁሉ አንነቅፍም። ነገር ግን አንድ ጥያቄ ከልባችን አይጠፋም፤ ይኸውም ደረጃ የሚለካው ሥራን ነው ወይስ ሰውን? ዕድሜውን ሙሉ ደክሞ ከመጨረሻው እርከን አንድ ደረጃ ዝቅ ብሎ የቀረውን ሰው ድካሙ ከንቱ ነበር ልንለው ይገባናልን?

ጥያቄውን በባዶው ከመመርመር ይልቅ በአንድ ሰው ታሪክ ብንመረምረው ይሻላል። የመረጥነውም ሰንጠረዥን፥ ማለት ዛሬ ቼዝ የሚባለውን ጨዋታ፥ በመጫወት በዓለም ስማቸው ከተጠራ ሰዎች አንዱን ነው። በሌላው ሙያ ሰው ያጣውን ነገር በዕጣ ወይም በአየር ጠባይ ሊያመካኝ ይችላል። በሰንጠረዥ ግን ጠጠሩ ሁሉ በግልጽ ተደርድሮ ይታያል፤ ዕጣ አይጣልበትም፤ ያሸነፈ አንድ ነጥብ፥ እኩል የወጣ ግማሽ ነጥብ ያገኛል። ስለዚህ ደረጃ ያለ አድልዎ የሚለካበት ቦታ ካለ ይህ ነው ለማለት ይቻላል።

ሰውየው ፓውል ኬሬስ ይባላል። በዚህ ጽሑፍ ዘመኑን ሁሉ የምንጠቅሰው እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ሲሆን፥ ኬሬስ በ1916 ዓ.ም. በናርቫ ከተማ ተወለደ፤ አገሩም በባልቲክ ባሕር ዳር ያለችው ትንሿ ኤስቶኒያ ናት። ባደገበት ከተማ ብርቱ ተጋጣሚ እንደ ልብ ስላልተገኘ፥ በወጣትነቱ በፖስታ እየተጻጻፈ እጅግ ብዙ ጨዋታ ተጫወተ። በ1938 ዓ.ም. በሆላንድ አገር የዘመኑ ስምንት ታላላቅ ተጫዋቾች ሲወዳደሩ ኬሬስ ገና የ22 ዓመት ወጣት ነበር። በዚያ ውድድር የዓለም ሻምፒዮን የነበረው አሌክሲ አሌኺን፥ ከእርሱ በፊት ሻምፒዮን የነበሩት ካፓብላንካና ኤይቬ፥ በኋላም ሻምፒዮን የሆነው ቦትቪኒክ ነበሩ። ኬሬስ ከአሜሪካዊው ሩበን ፋይን ጋር ከ14 ጨዋታ 8 ነጥብ ተኩል አግኝቶ፥ በማለያያው ደንብ የመጀመሪያነቱን ስፍራ ያዘ። አሌኺንን ለመግጠም ከእርሱ የተሻለ መብት ያለው አልነበረም።

ይሁን እንጂ በ1939 ዓ.ም. ጦርነት ተነሣ። ኤስቶኒያን በ1940 ሶቪየቶች ያዟት፤ በ1941 ጀርመኖች ገቡባት፤ በ1944 ሶቪየቶች ተመለሱ። ኬሬስም በጀርመን ይዞታ ዘመን በጀርመኖች ውድድር ተጫውቶ ስለ ነበረ ጥርጣሬ ወደቀበት። አሌኺን በ1946 ሞተ። በ1948 ዓ.ም. አምስት ተጫዋቾች ለባዶው ዙፋን በላሄና በሞስኮ ሲወዳደሩ፥ ቦትቪኒክ ከ20 ጨዋታ 14 ነጥብ አግኝቶ ሻምፒዮን ሆነ፤ ኬሬስ በ10 ነጥብ ተኩል ሦስተኛነቱን ከአሜሪካዊው ሬሸቭስኪ ጋር ተካፈለ። ከቦትቪኒክ ጋር ካደረጋቸው አምስት ጨዋታዎች አራቱን በተከታታይ ስለ ተሸነፈ፥ ተገዶ ይሆን ወይስ ተበልጦ የሚለው ክርክር እስከ ዛሬ አላለቀም። እኛም ፍርድ አንሰጥም። የተረዳነው ነገር አንድ ነው፤ የውጤት ሰሌዳ ነጥብን ይጽፋል እንጂ ምክንያትን አይጽፍም።

ከዚያ በኋላ ያለው ታሪኩ ይበልጥ ያስደንቃል። ለዓለም ሻምፒዮኑ ተጋጣሚን የሚመርጠው ውድድር በየጊዜው ይደረግ ነበር። በ1953 ዓ.ም. በስዊስ አገር ኬሬስ ሁለተኛነቱን ከሌሎች ሁለት ጋር ተካፈለ። በ1956 በአምስተርዳም ሁለተኛ ወጣ። በ1959 በዩጎዝላቪያ አሁንም ሁለተኛ ወጣ፤ የመጀመሪያነቱን ያገኘው ወጣቱ ሚኻኤል ታል ሲሆን፥ ሁለቱ ከተጋጠሙባቸው አራት ጨዋታዎች ሦስቱን ያሸነፈው ግን ኬሬስ ነበር። በ1962 በኩራሳዎ ደሴት 27 ጨዋታ ተጫውቶ ከአንደኛው ከፔትሮስያን በግማሽ ነጥብ ብቻ አነሰ። በውድድሩ መዝጊያ ላይ በፓል ቤንኮ ባይሸነፍ ኖሮ ነገሩ ሌላ ይሆን ነበር። ያን ጊዜ ዕድሜው 46 ዓመት ነበር። ለዘውዱ ሳይጋጠም በ1975 ዓ.ም. ከካናዳ ውድድር ሲመለስ በሄልሲንኪ ከተማ አረፈ።

እንግዲህ ይህን ሰው ምን እንበለው? አንዳንዱ ዕድለ ቢስ ይለዋል፤ አንዳንዱም በመጨረሻው ሰዓት ልቡ የሚከዳው ነበር ይላል። ሁለቱም ቃላት የሚመዝኑት ያጣውን ብቻ ነው። የሠራውን ብንመዝን ግን፥ ከካፓብላንካ እስከ ፊሸር ድረስ የዓለም ሻምፒዮን የሆኑ ዘጠኝ ሰዎችን አሸንፎአል፤ የሶቪየት ኅብረትን ሻምፒዮንነት ሦስት ጊዜ ወስዶአል፤ የጨዋታውን ጥበብ ለሌሎች የሚያስተምሩ መጻሕፍትን ጽፎአል፤ በስሙ የሚጠራ የማጥቂያ ስልት ለተከታዮቹ ትቶአል። አገሩም ነፃነቷን ካገኘች በኋላ መልኩን በአምስት ክሮን የወረቀት ገንዘቧ ላይ አትማዋለች። ያን ገንዘብ የያዘ ገበሬ ወይም ነጋዴ ስንተኛ እንደ ወጣ አልጠየቀም።

በአንጻሩ የቦቢ ፊሸርን ታሪክ እንመልከት። በ1972 ዓ.ም. በሬይክያቪክ ስፓስኪን 12 ነጥብ ተኩል ለ8 ነጥብ ተኩል አሸንፎ ዘውዱን ጫነ። በ1975 ግን ያቀረባቸው ሁኔታዎች ሁሉ ስላልተፈጸሙለት አልጋጠምም አለ፤ ዘውዱም ያለ ጨዋታ ለካርፖቭ ተሰጠ። ፊሸር ከ1972 በኋላ እስከ 1992 ድረስ በአደባባይ አንድም ውድድር አልተጫወተም። የአእምሮውን ታላቅነት ማንም አይክድም። ነገር ግን ዘውድ ለያዘው ሰው ሥራን እንደማያስገኝ፥ ዘውድ ማጣትም ሥራን እንደማይከለክል ከሁለቱ ሰዎች ኑሮ እንማራለን።

የራሳችን አባቶችም ይህን ነገር አልሳቱትም። በ19ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ወደ ትግራይ የመጣው እንግሊዛዊው ሄንሪ ሶልት ራስ ወልደ ሥላሴ ሰንጠረዥ ሲጫወቱ አይቶ ጽፎአል። በዚያ በጥንቱ ሰንጠረዥ በብርቱ ጠጠር ንጉሥን መያዝ እንደ ተራ ነገር ሲቈጠር፥ በደካማው ጠጠር መያዝ ግን ከፍ ያለ ሙገሳ ያስገኝ ነበር። ማሸነፍ ብቻውን አይበቃም፤ እንዴት አሸነፍህ ተብሎም ይጠየቅ ነበር ማለት ነው።

ምናልባት አንባቢ እንዲህ ብሎ ይቃወመን ይሆናል፦ «ውጤት ካልተመዘነ ሰነፉ ሁሉ እኔም እንደ ኬሬስ ነኝ እያለ ይተኛል።» ተቃውሞው እውነት አለበት። ግማሿ ነጥብ ከንቱ ናት አላልንም፤ ፔትሮስያን ሠርቶ አግኝቷታልና የራሱ ናት። ለሰነፍ ግን ኬሬስ መሸሸጊያ አይሆነውም። አራት ጊዜ ሁለተኛ ለመውጣት አራት ጊዜ ተነሥቶ ከዓለም ብርቱዎች ጋር መጋጠም ያስፈልጋል። ሰነፍ የሚቀረው ከመጀመሪያው እርከን ላይ እንጂ ከመጨረሻው ግርጌ አይደለም።

ስለዚህ ደረጃ የአንድን ቀን ሥራ ይለካል፤ ሰውን የሚለካው ግን ከዚያ ቀን በኋላ የሚያደርገው ነገር ነው እንላለን። ይህም ለእኛ የሩቅ አገር ወሬ ብቻ አይደለም። አስተማሪ የፈተናውን ውጤት በክፍል ውስጥ ሲያነብ አንደኛውን ያመሰግናል፤ ከግማሽ ነጥብ ልዩነት በኋላ ዓይኑን ወደ መሬት የጣለውን ልጅ ግን ሳያየው ሊያልፍ ይችላል። ያ ልጅ ሁለተኛነት ውርደት መሆኑን ከተማረ፥ በሚመጣው ዓመት ወይ ትምህርቱን ይጠላል፥ ወይም ከጎረቤቱ ወረቀት ይገለብጣል። ሹመቱን ሌላ ሰው የቀደመው ሹምም እንደዚሁ፥ ወይ ቀዳሚውን ያማል፥ ወይም በማግሥቱ እንደ ወትሮው ከሥራው ገበታ ይገኛል። በመሰላሉ ላይ ከፍ ብሎ መቆም ለሁሉ አይደርስም፤ በማግሥቱ ጠጠርን እንደገና መደርደር ግን ማንም ሊከለክለን የማይችል ክብር ነው።