በገዛ እጅ የተጣለ ዕጣ

ሰው መጨረሻውን አስቀድሞ የሚያውቀውን ጨዋታ ሲጫወት በእውነት ተጫወተ ሊባል ይችላልን? ጥያቄው ቀላል ይመስላል፤ ዳሩ ግን ጥቂት ቆም ብለው ቢመረምሩት ከጨዋታ ሜዳ አልፎ ወደ ዕውቀት፣ ወደ ዕድልና ቃልን ወደ መጠበቅ ይወስዳል። ስለዚህ ነገር ለመጻፍ ያነሣሣኝ የዛሬ ወጣቶችና ጎልማሶች የሚጫወቱት አንድ የቪዲዮ ጨዋታ፣ ይልቁንም ተጫዋቾቹ ራሳቸው በዚያ ጨዋታ ላይ ያመጡት አንድ ለውጥ ነው። አንዳንድ አንባቢ «ስለ ልጆች መጫወቻ ምን ቁም ነገር ይጻፋል?» ይል ይሆናል። ገበጣንና ሰንጠረዥን ከቁም ነገር የቈጠሩ አባቶች ልጆች ስለ ሆንን ይህን ተቃውሞ በዚሁ አልፈዋለሁ።

ጨዋታው ፖኬሞን ይባላል። ስሙ «የኪስ ጭራቅ» የሚል ትርጕም ካለው የእንግሊዝኛ ሐረግ ተቈርጦ በጃፓኖች አፍ የተገጠመ ነው። የእኛ ተረት ጭራቅ ሰው በላ ሲሆን እነዚህ ግን ከሰው ጋር የሚወዳጁ ስለ ሆኑ፣ እኔ ፍጡራን ብላቸው ይሻላል። ጨዋታውን ያሰበው ሳቶሺ ታጂሪ የተባለ ጃፓናዊ በልጅነቱ በቶኪዮ ዳርቻ ነፍሳትን እያደነ መሰብሰብ ይወድ ነበር። ከተማው እየሰፋ ሜዳውንና ኩሬውን ሲውጠው፣ ያንን የመፈለግና የማግኘት ደስታ በጨዋታ መልክ ለልጆች ለመመለስ አሰበ። ጌም ፍሪክ የተባለው ድርጅቱ የሠራው፣ ኒንቴንዶም ያወጣው የመጀመሪያው ፖኬሞን በ1996 (እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር) በየካቲት ወር ቀይና አረንጓዴ በሚባሉ ሁለት ቅጂዎች በጃፓን ለገበያ ቀረበ። ፍጡራኑ የተደበቀውን አንዱን ጨምሮ 151 ነበሩ። ተጫዋቹ ጉዞውን ሲጀምር አንድ ሊቅ ሦስት ፍጡራን ያቀርብለታል፤ አንዱ ከቅጠል፣ አንዱ ከእሳት፣ አንዱ ከውሃ ወገን ነው። እሱ አንዱን ሲመርጥ ባላንጣው ያንን የሚያሸንፈውን ይወስዳል። ከዚያ በኋላ በየሣሩና በየዋሻው እየዞረ ፍጡራንን ይይዛል፣ ያሠለጥናል፣ በየከተማው ከሚጠብቁት ስምንት ባለሙያዎች ጋር ይጋጠማል።

ይህ ከሆነ ብዙ ዘመን አልፏል። ያን ጊዜ ልጆች የነበሩት ዛሬ ልጆች ያሏቸው ሰዎች ናቸው፤ መንገዱንም እንደ ዳዊት በቃላቸው ይዘውታል። የመጀመሪያው ባለሙያ የድንጋይ ወገን ፍጡራን እንደሚያሰልፍ፣ ስለዚህም እሳትን የመረጠ በዚያ ሲቸገር ውሃን ወይም ቅጠልን የመረጠ በቀላሉ እንደሚያልፍ ያውቃሉ። በእንግሊዝኛው ቅጂ ማጂካርፕ የምትባል ዓሣ አለች። መጀመሪያ ላይ በውጊያ ከመንፈራገጥ በቀር የምታውቀው ነገር የለም፤ አንድ ነጋዴም በ500 የጨዋታው ገንዘብ ሲሸጣት ገዢው የተታለለ ይመስለዋል። ነገር ግን ታግሦ እስከ 20ኛው ደረጃ ያደረሳት ሰው ጋይራዶስ ወደሚባል አስፈሪ ፍጡር ስትለወጥ ያያል። ይህን አንድ ጊዜ ያየ ሁለተኛ ሊደነቅ አይችልም። ከዚያ በኋላ ዓሣዪቱን ሲያሳድግ የሚያሳየው ትዕግሥትም ትዕግሥት መሆኑ ይቀርና ወለዱ የታወቀ ብድር ይሆናል።

እንግዲህ ተጫዋቾቹ ለዚህ መድኃኒት ፈለጉ። በእንግሊዝኛ ራንደማይዘር የሚባል፣ እኛ ዕጣ ጣይ ልንለው የምንችል የኮምፒውተር ፕሮግራም ሠሩ፤ ከነዚህም በሰፊው የታወቀው ዩኒቨርሳል ፖኬሞን ራንደማይዘር ነው። ፕሮግራሙ ጨዋታውን በውስጡ የያዘ አይደለም፤ ተጫዋቹ ያለውን የጨዋታ ፋይል ተቀብሎ፣ በውስጡ ያሉትን ዝርዝሮች ቀያይሮ፣ አዲስ ፋይል ይጽፍለታል። በየትኛው ሣር የትኛው ፍጡር እንደሚገኝ፣ ሊቁ የሚያቀርባቸው ሦስቱ እነማን እንደ ሆኑ፣ ባላጋራዎች ምን እንደሚያሰልፉ፣ በመንገድ ወድቆ የሚገኘው ዕቃ ምን እንደ ሆነ፣ ተጫዋቹ ከፈለገም እያንዳንዱ ፍጡር ሲያድግ ወደ ምን እንደሚለወጥ ሁሉ በዕጣ ይወሰናል። የቀድሞው ጨዋታም ቢሆን ዕጣ የጐደለው አልነበረም። ተጫዋቹ በሣር ውስጥ በተራመደ ቍጥር ማሽኑ ዕጣ ይጥላል፤ ለእያንዳንዱ ሥፍራ ዐሥር ቦታ ያለው ዝርዝር አለ፤ አንዳንዱ ቦታ ደጋግሞ ይወጣል፣ አንዳንዱም ከስንት አንድ ጊዜ። ዝርዝሩን የጻፈው ግን የጨዋታው ደራሲ ነበር። አዲሱ ፕሮግራም ዕጣ የሚጥለው በራሱ በዝርዝሩ ላይ ነው።

ይህ የደራሲውን ሥራ መድፈር አይደለምን የሚል ይኖራል። በሕግ በኩል ነገሩ ግልጽ ነው፤ ጨዋታው የባለቤቶቹ ንብረት ስለ ሆነ አባዝቶ ማደል አይፈቀድም፤ በዚህ ብዙ አልቈይም። የሚከብደው የሥነ ጥበብ ጥያቄ ነው። ታጂሪ በዋሻ የሌሊት ወፍ፣ በባሕር ዓሣ፣ በመንገዱ መጀመሪያ ደካማ ወፍና አይጥ አኑሯል፤ ይህም ልጅን ከቀላል ወደ ከባድ የሚመራ የአስተማሪ ሥርዓት ነው። ዕጣ ጣዩ ይህን ሁሉ ያፈርሳል። ዓሣው ሣር ውስጥ ይገኛል፤ ገና ከቤቱ የወጣው ልጅ መጨረሻ ላይ ሊያገኘው የሚገባውን ግዙፍ ፍጡር በመጀመሪያው ሜዳ ያገኛል። ፕሮግራሙ በኃይል የሚቀራረቡትን ብቻ እንዲለዋውጥ የሚያዝዘው ምርጫ አለው፤ ቢሆንም የሥፍራና የነዋሪ ስምምነት አይመለስም። ስለዚህ ጨዋታውን ከዚህ በፊት ላላየ ልጅ ዕጣ የተጣለበትን ቅጂ መስጠት፣ ፊደል ላልቈጠረ ሕፃን የተቀላቀለ ፊደል እንደ ማቅረብ ይመስለኛል። ሥርዓቱን ያላወቀ የሥርዓቱን መፍረስ ሊያጣጥመው አይችልም። ጨዋታውን በቃሉ ለያዘው ሰው ግን ነገሩ ይገለበጣል። ለእሱ የታጂሪ ሥርዓት እንዳለ ቢቈይም የታጂሪ ዓላማ ሞቷል፤ ሜዳው ሁሉ ታውቆ አልቋልና። እንዲያውም ቶኪዮ የልጁን ኩሬ እንደ ዋጠችው፣ የተጫዋቹ ትዝታም ጨዋታውን ውጦታል። ሥርዓቱን አፍርሶ ዓላማውን ማስነሣት ለደራሲው ታማኝነት ይሁን ክሕደት፣ እኔ ወደ ታማኝነቱ አደላለሁ።

ይህ ሐሳብ የሕፃናት ጨዋታ ብቻ አለመሆኑን የሚያሳይ ምስክር አለ። በዚያው በ1996 በሰኔ ወር፣ በ1972 የዓለም የቼዝ ሻምፒዮን የሆነው ቦቢ ፊሸር በአርጀንቲና ዋና ከተማ በቦነስ አይረስ ስለ ቼዝ ተመሳሳይ ነገር አስታወቀ። የመክፈቻ እርምጃዎች በመጻሕፍት ተጽፈው በቃል ስለሚጠኑ፣ ተጫዋቾች ከማሰብ ይልቅ የሸመደዱትን ይደግማሉ ብሎ ያዝን ነበር። ስለዚህ በኋለኛው ረድፍ የሚቆሙት በዕጣ እንዲደረደሩ አደረገ፤ ንጉሡ በሁለቱ ግንቦች መካከል እንዲሆን፣ ጳጳሶቹም አንዱ በነጭ አንዱ በጥቁር ቤት እንዲቆሙ ብቻ ደነገገ። በዚህ ደንብ 960 ዓይነት አሰላለፍ ይገኛል፤ ለሁለቱም ወገን የሚወጣው አሰላለፍ አንድ ነው። የዓለም አቀፉ የቼዝ ፌዴሬሽን በ2019 የዚህን ጨዋታ የመጀመሪያ ይፋ የዓለም ሻምፒዮና በኖርዌይ ባደረገ ጊዜ ለፍጻሜ የደረሱት ዌስሊ ሶና ማግኑስ ካርልሰን ነበሩ፤ ያሸነፈውም ሶ ነበር። ሁለቱም አስቀድሞ በተራው ቼዝ ስመ ጥር ናቸው። ዕጣው አዋቂውን ከጀማሪው ጋር እኩል አላደረገም፤ የአዋቂነቱን ሁለት ክፍሎች፣ ማለት ትዝታንና ፍርድን፣ ለያይቶ ፍርዱን ብቻ አስቀረለት። ይህን ልዩነት የአንድ መምህር ዓይን ፈጥኖ ያየዋል፤ የአምናውን የፈተና ወረቀት ሸምድዶ የመጣ ተማሪና ትምህርቱን የተረዳ ተማሪ አዲስ ጥያቄ እስኪመጣ ድረስ አይለያዩምና።

ወደ ዓሣዪቱ ልመለስ። ዕጣ በተጣለበት ጨዋታ ማጂካርፕ ወደ ምን እንደምትለወጥ ማንም አያውቅም። ወደ ኃይለኛ ፍጡር ልትለወጥ ትችላለች፤ ከራሷ ብዙ ወደማይሻል ሌላ ደካማም ልትለወጥ ትችላለች። እንግዲህ በዚህ ጊዜ ደካማዪቱን ይዞ የሚጓዝ ተጫዋች ዋስትና የሌለው ትዕግሥት ይታገሣል። እኔ እንደሚመስለኝ ለውጡ ካመጣው ሁሉ የከበረው ይህ ነው። ደካማን ልጅ፣ ደካማን ተማሪ፣ አዲስ የተቀጠረን ጸሐፊ የሚያሳድግ ሰው በየትኛው ደረጃ ላይ ምን ሆኖ እንደሚገኝ የሚነግረው ሠንጠረዥ የለውም። ጋይራዶስ እንደሚሆን አውቆ የሚንከባከብ ጋይራዶስን ወደደ እንጂ ማጂካርፕን አልወደደም።

ይሁን እንጂ ዕጣ ምንድን ነው? ቋንቋችን «ዕጣ ፈንታ» ሲል በወረቀት የሚጣለውን ዕጣና ሰው የሚደርስበትን ዕድል በአንድ ቃል ያስራቸዋል። ኮምፒውተር ግን እንደዚህ ያለውን ምሥጢር አያውቅም። ፕሮግራሙ ከአንድ መነሻ ቍጥር ተነሥቶ በሒሳብ ስሌት ሌሎች ቍጥሮችን ያፈልቃል፤ መነሻውንም ቍጥር ዘር ይሉታል። የፕሮግራሙ ዓይነትና ምርጫዎቹ ካልተለወጡ፣ ከአንድ ዘር ሁልጊዜ ያው ዓለም ይበቅላል። ሁለት ወዳጆች አንድ ዘር ተካፍለው ቢጫወቱ በአንድ ሣር ውስጥ የሚኖሩት ፍጡራን አንድ ናቸው፤ ከመካከላቸው ማን ቀድሞ እንደሚፈጽም ለመፎካከርም ይመቻቸዋል። ለተጫዋቹ ዕድል የሆነው ለማሽኑ ግዴታ ነው። ዕጣውን ዕጣ ያደረገው የተጫዋቹ አለማወቅ ብቻ ነው።

አለማወቅ ብቻ አልኩ፤ አንድ ነገር ግን ቀርቷል፤ እሱም አለመንካት ነው። ፕሮግራሙ ያለ ዋጋ የሚገኝ ነው፤ ዕጣ የሚጥለውን ቍልፍ ደግሞ መጫን ምንም አያስከፍልም። ሊቁ ሦስት ደካማ ፍጡራን ቢያቀርብለት፣ ተጫዋቹ ጨዋታውን ዘግቶ ሌላ ዕጣ ሊጥል ይችላል፤ ያም ካላስደሰተው ሦስተኛ፣ አራተኛ፣ ዐሥረኛ። የሚያየው ሰው የለም፤ የሚከለክለው ደንብም የለም። ነገር ግን የሚወደው እስኪወጣ ድረስ ዕጣ የሚደጋግም ሰው ዕጣ ጣለ ወይስ መረጠ? መርጧል እንላለን፤ የከፋውም ምርጫውን በዕጣ ስም መሸፈኑ ነው። በግልጽ «እኔ ኃይለኛውን እፈልጋለሁ» ብሎ የወሰደ ከእሱ ይሻላል፤ ቢያንስ ለፍላጎቱ ስም ሰጥቶታል። ከተጫዋቾቹ ብዙዎቹ ይህን ስለሚያውቁ ራሳቸውን በደንብ ያስራሉ። በ2010 ኒክ ፍራንኮ የተባለ አሜሪካዊ በሥዕል ታሪኮቹ ያስተዋወቀው፣ ኑዝሎክ የተባለው ደንብ፣ በእያንዳንዱ ሥፍራ መጀመሪያ ያጋጠመውን ፍጡር ብቻ መያዝን፣ በውጊያ የወደቀውንም እንደ ሞተ ቈጥሮ መተውን ያዝዛል። ይህንን ማሽኑ አያስገድድም። ደንቡ በተጫዋቹ ቃል ብቻ ይቆማል።

እቁብ የገባ ሰው ነገሩን ከማንም ይልቅ ያውቀዋል። መጀመሪያ የወጣለት ገንዘቡን ቀድሞ ይሠራበታል፤ መጨረሻ የወጣለት እስከዚያ ሲከፍል ይቈያል። ችግር የገጠመው አባል ቢኖር ዳኛው አባላቱን አስፈቅዶ ቅድሚያ ሊሰጠው ይችላል፤ ይህ በአደባባይ የተደረገ ርኅራኄ ነው። ጸሐፊው ግን የወንድሙ ስም እስኪወጣ ድረስ ወረቀቱን በስውር ቢያማታ፣ ገንዘቡ ሳይጐድል እቁቡ ፈርሷል። ነገሩ በመንግሥት ሥራ ሲመጣ ደግሞ ይከብዳል። በራሳችን አቈጣጠር በሐምሌ 2014 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር ለጋራ መኖሪያ ቤቶች በኮምፒውተር ያወጣው ዕጣ፣ ለዕጣው ብቁ ያልሆኑ ሰዎች በመረጃው ውስጥ ገብተው ተገኙ ተብሎ በጥቂት ቀናት ውስጥ ተሰረዘ፤ በ2015 ዓ.ም. እንደ ገና ወጣ። እዚህ ላይ ዕጣን መድገም ተገቢ ነበር። ዝርዝሩ ሐሰት ሲሆን ዕጣን መድገም ለባለ ዕጣዎቹ የሚገባ ዕዳ ነው፤ ዝርዝሩ እውነት ሆኖ ውጤቱ ሳያስደስት ሲቀር መድገም ግን ሌላ ነገር ነው። በውጭ ሲታዩ ሁለቱ አንድ ሥራ ናቸው፤ የሚለያያቸው የደጋሚው ምክንያት ነው፤ ምክንያትን ደግሞ ኮምፒውተር አይመዘግብም።

ዕጣ ጣዩ ፕሮግራም የሚመዘግበው ሌላ ነገር አለ። ተጫዋቹ ከፈለገ፣ አዲሱን ጨዋታ ሲጽፍለት፣ የትኛው ፍጡር በየትኛው ሣር እንዳለ፣ ማን ወደ ማን እንደሚለወጥ፣ የትኛው ባላጋራ ምን እንደሚያሰልፍ አንድ በአንድ የሚዘረዝር ፋይል አብሮ ያስቀምጥለታል። ፋይሉ ያለ ምንም ቍልፍ ከጨዋታው አጠገብ ይተኛል። ቃሉን የሚጠብቅ ተጫዋች እስከ መጨረሻው ውጊያ ድረስ ሳይከፍተው ይቈያል፤ ከዚያ በኋላ ከፍቶ፣ ባልሄደባቸው መንገዶች ዳር እነማን ይኖሩ እንደ ነበር ያነብባል።