ከቃሉ በፊት ቀኑን ጠይቂ

ልጄ፣ ሐሙስ ሌሊት የላክሽልኝን ምስል ጠዋት ከኪዳን ስመለስ አየሁት። የፍሬድሪክ ዳግላስ ፊት፣ ያ ነጭ ጎፈሬው፣ ከሥሩ ደግሞ ያለ ትግል ወደፊት መራመድ እንደሌለ የሚናገር ቃሉ። ከምስሉ ቀጥለሽ «ጋሼ፣ እኔ ግን ታግዬ ታግዬ ደከመኝ» ብለሻል። ፈተናውን ለሁለተኛ ጊዜ እንዳላለፍሽው እናትሽ ነግራኛለች። ሌሊቱን ሽማግሌ ስታገላብጪና ስታጥቢ አድረሽ፣ ቀን ለነርስነት ፈቃድ ማጥናት ምን እንደሚመስል አውቃለሁ። እኔም እዚሁ ዋሽንግተን ፓርኪንግ ስሠራ ደብተሬን የምገልጠው አንዱ መኪና ወጥቶ ሌላው እስኪገባ ባለችው ፋታ ነበር። ድካምሽን አላቃልልም።

እንዲህ ያሉ ቃሎች በስልክሽ ሞልተዋል፤ የማንዴላ፣ የማያ አንጀሉ፣ የዶክተር ኪንግ። ጠዋት አንብበሽ ትነሺያለሽ፤ ማታ ስትመለሺ ያ ጉልበት የለም። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል። ምክሬ አንድ ነው፦ ከቃሉ በፊት የተነገረበትን ቀን ጠይቂ። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ።

የላክሽልኝ ቃል የተነገረው በፈረንጆቹ ነሐሴ 3 ቀን 1857 ነው፤ ኒው ዮርክ ክፍለ ግዛት፣ ካናንዴግዋ በምትባል ከተማ። ሕዝቡ የተሰበሰበው እንግሊዝ በካሪቢያን ደሴቶቿ የነበሩትን ባሪያዎች ነፃ ያወጣችበትን ቀን ለማሰብ ነበር። በዚያው ዓመት መጋቢት ላይ ግን የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በድሬድ ስኮት ጉዳይ ጥቁር ሰው የዚህች አገር ዜጋ ሊሆን አይችልም ብሎ ፈርዷል። ዳግላስ ሲናገር ፍርዱ አምስት ወር እንኳ አልሞላውም። የሰው ደስታ እየታሰበ፣ የራሱ ወገን በር የተዘጋበት ዓመት ነው። ቃሉ የወጣው ከዚያ ውስጥ ነው።

ያው ንግግር ወረድ ብሎ፣ መሬቱ ሳይታረስ እህል የሚመኙ ሰዎችን ይወቅሳል። ይህን ባነበብኩ ቁጥር አያትሽ ትዝ ይለኛል። ጤፍ የሚዘራበትን ማሳ ይገምሳል፣ ይደግማል፣ ይሠልሳል፤ አንዳንዴ አምስት ጊዜ ያርሰዋል። እኛ ልጆቹ አንዱ እርሻ አልበቃ ብሎ ይመስለን ነበር። እሱ ግን የመጀመሪያውን እርሻ እንደ ሽንፈት አይቶት አያውቅም።

ዳግላስ ራሱስ ጉልበቱን ከየት አገኘው? የተወለደው በ1818 ነው ይባላል፤ እዚሁ ሜሪላንድ፣ ካለሽበት ከሲልቨር ስፕሪንግ በመኪና ሩቅ ባልሆነ ቦታ። ቀኑን አያውቀውም፤ ባሪያ ተብሎ ለተወለደ ልጅ ቀን የሚጽፍለት አልነበረም። ባልቲሞር ሳለ እመቤቲቱ ፊደል ታስተምረው ጀመር። ባሏ ሲሰማ፣ ንባብ ባሪያን ያበላሻል ብሎ ከለከላት። ልጁም ቆሞ ይሰማ ነበርና በሩ የት እንዳለ በዚያች ሰዓት አወቀ። ከዚያ በኋላ ለተራቡ የሰፈር ነጭ ልጆች ዳቦ እየሰጠ ፊደል ሸመተ። መጻፍ የጀመረው ደግሞ መርከብ ሠሪዎች በየእንጨቱ ላይ የሚያኖሯትን ምልክት እያየ ነው። 12 ዓመት ገደማ ሲሆነው፣ እኛ ሊስትሮ በምንለው ሥራ፣ ጫማ እየጠረገ ባገኛት ገንዘብ «ኮሎምቢያን ኦራተር» የተባለ መጽሐፍ በ50 ሳንቲም ገዛ። የታላላቅ ሰዎች ንግግር የተሰበሰበበት መጽሐፍ ነው።

እንግዲህ እሱም እንዳንቺ በሌላ ሰው ቃል ተበረታቷል። ልዩነቱ ምን መሰለሽ? አንቺ በቀን አሥር ቃል ታያለሽ፤ እሱ አንዱን መጽሐፍ ባገኘው ፋታ ሁሉ ደጋግሞ አነበበው። በ1838 ባሕርተኛ መስሎ፣ በተዋሰው ወረቀት በባቡር ሲያመልጥ፣ በኋላም በየአዳራሹ ቆሞ ሲናገር፣ ያ ንባብ ሥጋውና ደሙ ሆኖ ነበር።

ፈተና ወድቀሻልና ስለ ፋኒ ሉ ሄመርም ልንገርሽ፤ ከሁሉ አብልጬ የምወዳት እሷን ነው። በ1917 ሚሲሲፒ ውስጥ፣ በሰው መሬት ላይ ጥጥ ከሚያመርቱ ጭሰኞች 20ኛ ልጅ ሆና ተወለደች። በስድስት ዓመቷ ጥጥ ለቀማ ገባች። ጥቁር ሰው የመምረጥ መብት እንዳለው የሰማችው በ44 ዓመቷ ነው። በነሐሴ 1962 ከ17 ሰዎች ጋር በአሮጌ አውቶቡስ ተሳፍራ ለመራጭነት ልትመዘገብ ኢንዲያኖላ ሄደች። መዝጋቢው ከክፍለ ግዛቱ ሕገ መንግሥት አንድ አንቀጽ መዝዞ ትርጉሙን ጻፊ አላት። ትምህርት ቤት የቆየችው ጥቂት ዓመት ነበርና ወደቀች። ሲመለሱ ፖሊስ አውቶቡሱን አስቁሞ፣ ቀለሙ የተማሪ አውቶቡስ ይመስላል ብሎ ሾፌሩን ቀጣ። ቤት ስትደርስ 18 ዓመት ያገለገለችው ባለ እርሻ፣ ምዝገባውን ካልተውሽ ልቀቂ አላት። በዚያው ሌሊት ወጣች። በቀናት ውስጥ፣ ተጠልላበት በነበረው ቤት ላይ እሷን ብለው 16 ጥይት ተኮሱ። የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል።

ልጄ፣ ይህቺ ሴት በዚያው ዓመት መጨረሻ ወደዚያው መዝጋቢ ተመለሰች። እስክታልፍ ድረስ በየ30 ቀኑ እንደምትመጣ ነገረችው። በ1963 መግቢያ ላይ አለፈች። አልፋም ድምፅ ልትሰጥ ስትሄድ የምርጫ ግብር የከፈልሽበትን ደረሰኝ አምጪ ተባለች። በዚያው ዓመት ሰኔ፣ እዚያው ሚሲሲፒ ዊኖና በምትባል ከተማ፣ እስር ቤት ውስጥ ክፉኛ ተደበደበች፤ ኩላሊቷ ላይ የደረሰው ጉዳት ዕድሜዋን ሁሉ አብሯት ኖረ።

በነሐሴ 1964 አትላንቲክ ሲቲ ላይ፣ በዴሞክራቶች ጉባኤ ኮሚቴ ፊት ተቀምጣ ይህን ሁሉ ያለ ወረቀት ተናገረች። ፕሬዝዳንት ጆንሰን ሕዝቡ እንዳይሰማት ብለው በድንገት ጋዜጠኞች ሰበሰቡ፤ ካሜራው ወደ እሳቸው ዞረ። ማታ ግን ቴሌቪዥኖቹ ንግግሯን አውጥተው ለአገር አሳዩት። ከአፍ ከወጣ አፋፍ። እኛ ዘንድ ዝም አይነቅዝም ይባላል፤ ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል የምንልም እኛው ነን። እሷ ሁለተኛውን ይዛ ሄደች። መታመሙም መድከሙም ራሱ እንደታከታት በአደባባይ የተናገረችው በዚያው ዓመት ነው። ስለዚህ ደከመኝ ማለትሽን አልነቅፈውም። ሄመርም ብላዋለች፤ ብላም ሥራዋን ቀጥላለች።

በተከታዩ ዓመት፣ በ1965፣ የመምረጥ መብት ሕግ ወጣ። በዚያው ዓመት የወጣው የስደተኞች ሕግ ደግሞ በትውልድ አገር የሚያዳላውን አሮጌ ኮታ ሻረ። አንቺም እኔም የገባነው በዚያ በኩል ነው። አንዳንድ ወገናችን «ጥቁሮቹ» እያለ ራሱን ነጥሎ ሲያወራ ስሰማ ልቤ ያዝናል። በሰው ደም የተከፈተ በር ገብቶ ባለ በሩን አለማወቅ ነውር ነው። ቃላቸውን ስትወስጂ ይህን ዕዳ አብረሽ ውሰጂ።

ስለ ማንዴላ አንዲት ነገር ብቻ ልጨምር። በ1962 ወደ አዲስ አበባ ሲመጣ ካርቱም ላይ የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ተሳፈረ። አብራሪው ጥቁር መሆኑን ሲያይ ደነገጠ፤ ጥቁር ሰው እንዴት አውሮፕላን ያበራል ብሎ። ወዲያው ራሱን ያዘ፤ የሚታገለው ነገር በራሱም ውስጥ ገብቶ እንደነበር ገባው። ይህን ኋላ በሕይወት ታሪኩ ውስጥ ሳያፍር ጻፈው። አንቺም «ለዚህ ትምህርት አልተፈጠርኩም» ስትይ፣ ያ ድምፅ የማን እንደሆነ መርምሪ። የናትሽ አይደለም፤ የኔም አይደለም።

አሁን የምታደርጊውን ልንገርሽ። ከእነዚህ ሰዎች አንዱን ምረጪ፤ አንዱን ብቻ። ሕይወቱን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንብቢ። የነካሽን ቃል በእጅሽ ጻፊው፤ ከጎኑ የተነገረበትን ቀን፣ ቦታውንና ተናጋሪው በማግስቱ ያደረገውን አስፍሪ። ፈተናውን ለመድገም ቢያንስ 45 ቀን ይጠበቃል፤ ያ ጊዜ ይበቃል። ከውጤቱ ጋር በየትኛው ክፍል እንዳነስሽ የሚያሳይ ወረቀት ይላካል። እናትሽ ሳትከፍቺው መሳቢያ ውስጥ እንዳስቀመጥሽው ነግራኛለች። እሱ ነው ማሳሽ፤ ድንጋዩ የት እንዳለ ይነግርሻል።

ዳግላስ በ1877 የገዛው ቤት አናኮስቲያ ኮረብታ ላይ ዛሬም አለ። ከደጁ ሲቆሙ የምክር ቤቱ ጉልላት ማዶ ይታያል። ከጓሮው አንዲት ጠባብ የድንጋይ ጎጆ አለች፤ እየተገለለ የሚያነብባትና የሚጽፍባት የነበረችው መልሳ ተሠርታ ነው። ቅዳሜ ጠዋት አራት ሰዓት አናኮስቲያ ባቡር ጣቢያ እጠብቅሻለሁ። ደረጃው ብዙ ነውና ክንዴን ትይዢኛለሽ። ያን ወረቀት ከመሳቢያው አውጥተሽ ይዘሽው ነዪ፤ እዚያው ኮረብታው ላይ ተቀምጠን አብረን እንከፍተዋለን።