ስለ ሕፃናት መልክና ስለ አሳዳጊዎች ፈቃድ

ሰው የራሱን ገንዘብ ቢሰጥ ቸር ይባላል፤ የተሰጠውን አደራ አሳልፎ ቢሰጥ ግን አደራ በላ ይባላል። እንግዲህ አባትና እናት የልጃቸውን መልክና ንግግር ለዘጋቢ ፊልም ሲሰጡ የማንን ገንዘብ መስጠታቸው እንደ ሆነ ሊመረመር ይገባል።

በእንግሊዝ አገር፥ እንደ ኤውሮጳ አቆጣጠር በ1964 ዓ.ም.፥ ግራናዳ የተባለው የቴሌቪዥን ድርጅት 14 የሰባት ዓመት ሕፃናትን ከባለጸጋም ከድኃም ቤት መርጦ፥ ስለ ኑሯቸውና ስለ ወደፊት አሳባቸው እየጠየቀ ፊልም አወጣ። የሥራውም መነሻ፥ ሰው በሰባት ዓመቱ የታየበት ጠባይ ባደገ ጊዜም ይገኝበታል የሚል የቆየ አባባል ነበረ። ከዚያም ማይክል አፕትድ በየሰባት ዓመቱ እየተመለሰ፥ እስከ 2019 ዓ.ም.፥ ማለት 63 ዓመት እስኪሆናቸው ድረስ ኑሯቸውን አሳየ። ከመካከላቸው አንዳንዶቹ አድገው ራሳቸውን በቻሉ ጊዜ ከሥራው ወጡ፤ በሰባት ዓመታቸው የተናገሩት ቃል ግን ከሕዝብ ፊት አልወጣም።

ለዚህ ሥራ የሚከራከር ሰው እንዲህ ይል ይሆናል፦ ወንድ በ40፥ ሴት በ80 ቀን ሲጠመቁ ፈቃዳቸው አይጠየቅም፤ ስለ ሕፃኑ ሆኖ ሰይጣንን የሚክደው የክርስትና አባቱ ነው። ቤተ ክርስቲያን ስለ ሕፃን የሚመልስ ሰው ካቆመች፥ ወላጅ ለፊልም ቢፈቅድ በደሉ ምንድር ነው?

ክርክሩ ቀላል አይደለም። ነገር ግን በጥምቀት ጸጋውን የሚቀበለው ራሱ ሕፃኑ ነው፤ በፊልም ግን ሰጪው ሕፃኑ፥ ተቀባዩ ተመልካቹ ነው። ስለዚህ የአሳዳጊ ቃል ሥልጣን የሚኖረው ለልጁ ጥቅም እስከ ቆመ ድረስ ነው።

ታዲያ በጥቅምት 1977 ዓ.ም. በኮረም የተነሣው የረኀብ ፊልምስ? በዚያ የታዩት ሕፃናት ስለ ራሳቸው ሊፈቅዱ የማይችሉ ነበሩ፤ ሆኖም ዓለም አይቶ እህልና መድኃኒት ላከ። የተወሰደውም መልክ ለብዙ ተራቢዎች መዳኛ ሆኖ ተመለሰ። ያም ቢሆን ዕዳው ሁሉ አልተከፈለም። ከሞት የተረፈው ሕፃን አድጎ ሰው በሆነ ጊዜ፥ ዓለም የሚያውቀው በራቁትነቱና በእንባው ብቻ ከሆነ፥ እንጀራ ያስገኘለት ሥዕል ክብሩን ይዞበት ቀርቷል ማለት ነው።

ሕፃን ሰባት ዓመት ሲሞላው ጾም እንዲጀምር በቤተ ክርስቲያን የተለመደ ነው፤ ይህም መልካሙን ከክፉው መለየት መጀመሩን ያመለክታል እንጂ ዕውቀቱ ተፈጸመ ማለት አይደለም። እንደ ኤውሮጳ አቆጣጠር በ1989 ዓ.ም. የወጣውና ኢትዮጵያም የተቀበለችው የሕፃናት መብት ስምምነት፥ ሕፃን እንደ ዕድሜውና እንደ ብስለቱ አሳቡ ይሰማለት ዘንድ፥ የግል ኑሮውም ይጠበቅለት ዘንድ ያዝዛል።

ስለዚህ ፊልም የሚያነሣ ሰው ሕፃኑን በሚገባው ቃል ይጠይቀው፤ እንቢ ቢል ይተወው፤ ኋላ የሚያሳፍረውንም ነገር ወላጁ ቢፈቅድ እንኳ አያንሣ። ወላጅም ልጁ አድጎ «ስለ እኔ ምን ብለህ ፈቀድህ?» ብሎ በጠየቀው ጊዜ የሚመልሰውን ቃል አስቀድሞ ያዘጋጅ፤ ለዚህ ጥያቄ መልስ ካላገኘ ግን ፈቃዱን አይስጥ።